ጅዳ ደርሶ የሚመለሰው አውሮፕላን

ለታናሽ እህቴ ለጀሊላ ሙሀመድየሱፍ፤ ባለሽበት ጅዳ።

አሰላሙ ዐለይኪ ወራሕመቱላሂ ወበረካቱህ። እንደምን ከርመሻል? ሰውነትሽስ እንዴት ነው? ያ ደረጃ ስትወጪ የሚይዝሽ ወገብሽ ተሻለሽ ወይስ አሁንም በኪኒን እያታለልሽው ነው? ሙቀቱስ? አሠሪዎችሽስ እንደ ሰው ያዩሽ ጀመር? እኛ አልሐምዱሊላህ አለን። አለን ስልሽ ግን ሰው ሲጠይቅ እንደሚባለው ነው እንጂ ደኅና ነን ማለቴ አይደለም፤ እያነበብሽ ስትሄጂ ይገባሻል።

ይህን ደብዳቤ የምታደርስልሽ ሱምያ ናት፤ የጎረቤታችን የልብስ ሰፊው ልጅ። የዓመት ፈቃዷን ጨርሳ ወደ ሥራዋ ስትመለስ በእጇ ላክሁልሽ። በዚህ ዘመን ደግሞ ወረቀት ምንድን ነው ትይኝ ይሆናል። ኢንተርኔቱ ሲፈልግ ይመጣል፣ ሲፈልግ ይጠፋል። በስልክ ደግሞ ገና «አባባ» ብዬ አፌን ስከፍት ትዘጊብኛለሽ። አስራ አንድ ዓመት ሙሉ እንዲሁ ነው። ወረቀት ግን አይዘጋም። ልቅደደው ብትይ ደግሞ ለሱምያ ሁለተኛ ግልባጭ ሰጥቻታለሁ፤ እሱን ብትቀጂ በቃሏ እንድትነግርሽ አስጠንቻታለሁ። ታውቂኝ የለ፤ ከያዝሁ አለቅም። እንግዲህ ቁጭ በይ። ቆመሽ አታንብቢው።

አባባ ታመዋል። ስኳሩ መጀመሪያ የግራ እግራቸውን ጣቶች ወሰደ፤ ቀጥሎ ዓይናቸውን አደበዘዘ፤ አሁን ደግሞ ኩላሊታቸውን ይዟል። ሐኪሙ እኔን ወደ ውጭ ጠርቶ «ከእንግዲህ ቤታቸው ይሁኑ፣ የሚወዱትን አብሏቸው» አለኝ። ይህ ቃል ምን ማለት እንደሆነ አንቺም ታውቂዋለሽ። የሚወዱትን ልንሰጣቸው ብንፈልግም እሳቸው የሚወዱት ነገር ከምግብ ወገን አይደለም።

እባክሽ አታጣጥፊው። የሳቸውን ሰላምታ ላደርስ አይደለም የጻፍሁልሽ። የራሴን ጉድ ልነግርሽ ነው። ግን ከአውሮፕላኑ ካልጀመርሁልሽ አይገባሽም።

አዎ፣ አውሮፕላን። ሳቂ ብትፈልጊ፤ እኔም መጀመሪያ ስቄ ነበር። ባለቤቴ አብዱልበሲጥ ጌም ቤቱን ከዘጋ ዓመት አለፈው። መብራቱ በፈረቃ፣ ኢንተርኔቱ በዕድል፣ ወጣቱም በጊዜ ወደ ቤቱ ይገባል፤ ማን ይጫወት? ኮምፒውተሮቹን ሸጦ አንዱን፣ ትልቁን፣ ቤት ይዞት መጣ። በውስጡ ሲሙሌተር የሚሉት አውሮፕላን ማብረሪያ አለ። ጨዋታ ነው ይላሉ እንጂ ጨዋታ አይመስልም። የአብራሪው ክፍል ከነቁልፉ ከነመብራቱ እንዳለ ስክሪኑ ላይ ይመጣል፤ ሞተሩ ሲነሣ ጠረጴዛው ላይ ያለ ብርጭቆ ይንቀጠቀጣል። ዘመናዊ ቦይንግ ነው፤ መቶ ሃምሳ አራት ሰው ይጭናል። አብዱልበሲጥ ሥራ መፍታቱ ሲያንገበግበው ገብቶ ይበርራል። እኔም «አንተስ ታደልህ፣ በየቀኑ አገር ለቀህ ትሄዳለህ» እያልሁ እተርበው ነበር።

አባባ ኮምፒውተሩ ባለበት ክፍል ውስጥ ለመስኮቱ ጀርባ ሰጥተው፣ ወንበራቸውን ወደ ግድግዳው አዙረው ነበር የሚቀመጡት። ከእስር ከወጡ ወዲህ ባሕሩን አይተውት አያውቁም። እግራቸው ደኅና በነበረ ጊዜ እንኳ ጁምዓ ሲሄዱ የባሕሩን ዳር መንገድ ትተው በጓሮ በጓሮ ይዞሩ ነበር። ሠላሳ ዓመት ጀልባ የነዱ ሰው ከጣና ሁለት መቶ እርምጃ ርቀው እየኖሩ ጣናን አያዩም። አንድ ቀን ከዙህር በኋላ አብዱልበሲጥ ከባሕር ዳር ማኮብኮቢያ ሲነሣ ስክሪኑ በአንድ ጊዜ ውኃ ብቻ ሆነ። አባባ አንገታቸውን አዞሩ። ዓይናቸው ቢደበዝዝም ትልቅ ነገር አይስቱም። «ይህች እሷ ናት?» አሉ። ጣና መሆኗን ነገራቸው። «ደቅስ የት አለች?» አሉ። ደሴቲቱን አሳያቸው፤ አንድ አረንጓዴ ቁራጭ ናት። ተጠግተው ብዙ አዩና «ሰው የለባትም» አሉ። ጨዋታ እኮ ነው፣ ሰው አልሠሩባትም ቢላቸው «ይሻላል» አሉ።

በማግስቱ ወንበራቸውን ራሳቸው ወደ ስክሪኑ አዞሩ። እጃቸው መሪ አልረሳም ጀሊላ። አብዱልበሲጥ ሁለት ሳምንት ያህል አስተማራቸው፤ ከዚያ በኋላ እሱ እየተነሣ እሳቸው ቀሩ። ቁጥሩን ማንበብ ስለማይችሉ እኔ ከጎናቸው ተቀምጬ ፍጥነቱንና ከፍታውን እነግራቸዋለሁ። ባጃጅ ውስጥ ራሴን የሚያዞረኝ ሴትዮ ረዳት አብራሪ ሆንሁልሽ! ውዱእ ሳያደርጉ አይቀመጡም፤ ቢስሚላህ ሳይሉ ሞተር አያስነሡም። ደግሞ ቼክሊስት የሚሉት አለ፤ አብዱልበሲጥ በአማርኛ ጻፈልኝ። እኔ «ነዳጅ» ስል እሳቸው «ሙሉ» ይላሉ። እኔ «በር» ስል እሳቸው «ተዘግቷል» ይላሉ። አንዱ ጠይቆ ሌላው ካልመለሰ አውሮፕላኑ አይንቀሳቀስም። ይህን ሥርዓት እንዴት እንደወደዱት! አንድ ቀን ግን በመካከል ቆም አሉና «በጀልባዋ ላይ ይህ ቢኖረን ኖሮ፣ አሪፋ» አሉኝ። እኔ አቀርቅሬ ቀጣዩን መስመር አነበብሁ።

መጀመሪያ የጠየቁትን መንገድ ገምቺ እስቲ። «ጀሊላ ያለችበት በዚህ ይደረሳል ወይ?» ነው ያሉት። አብዱልበሲጥ አንድ ሰዓት ተኩል ቢሆን ነው አላቸው። ከዚያ ቀን ጀምሮ መብራት ባለ ቀን ሁሉ ከዙህር በኋላ ወደ አንቺ ይበርራሉ። ጎንደርን ያልፋሉ፣ ተራራውን ያልፋሉ፣ ቀይ ባሕርን ያቋርጣሉ። አንቺ ዕቃ ስታጥቢ ወይ ልብስ ስትተኩሺ፣ እሳቸው በላይሽ ናቸው። ባሕሩ ሲያልቅ ከተማሽ ይመጣል፤ ማኮብኮቢያው ይታያል። እኔ ከፍታውን እነግራቸዋለሁ፤ ሁለት ሺህ፣ አንድ ሺህ፣ አምስት መቶ። «ጎማ» ስላቸው መልስ የለም። ሞተሩን ሙሉ ይሰጡትና አፍንጫውን ወደ ሰማይ ቀና አድርገው ወደ ባሕር ዳር ይዞራሉ።

አንድ ቀን አይደለም ሁለት ቀን አይደለም፤ ሰባት ወር ሙሉ። ያ ሁሉ ተሳፋሪ ጅዳን በመስኮት አይቶ ይመለሳል። አብዱልበሲጥ ማሳረፉ የከበዳቸው መስሎት አውሮፕላኑ በራሱ የሚያርፍበትን ቁልፍ አሳያቸው። «ማሳረፍማ እችላለሁ» አሉት። እውነታቸውን ነው፤ ባሕር ዳር ሲመለሱ እንቁላል እንደያዘ ሰው ቀስ አድርገው ነው የሚያስቀምጡት። ታዲያ ምን ሆነው ነው ስላቸው «ነፋሱ አልተመቸኝም» ይሉኛል። ጨዋታው ላይ ነፋስ እንዳልተደረገ በኋላ አብዱልበሲጥ ነገረኝ።

አሁን ወደ ሽምብራው ልምጣ። ጣሳዋን ታስታውሻለሽ። አባባ ጀልባ ሲጀምሩ ፊደል ስላልቆጠሩ ተሳፋሪ የሚይዙት በሽምብራ ነበር። ጀልባችን የምትችለው አርባ ሰው ነው፤ በከረጢቱ ውስጥ አርባ ሽምብራ አለ። አንድ ሰው ሲሳፈር አንድ ሽምብራ ከከረጢቱ ወጥቶ ወደ ወተት ጣሳው ይገባል። ከረጢቱ ባዶ ከሆነ ጀልባዋ ሞላች፤ ከዚያ በኋላ ንጉሥ ቢመጣ አይሳፈርም። ሲወርዱ ደግሞ አንድ በአንድ ወደ ከረጢቱ ይመለሳል። ጣሳው ባዶ መሆኑን ሳያዩ አባባ ቤት ገብተው አያውቁም። ለአውሮፕላኑም መቶ ሃምሳ አራት ሽምብራ አስለቀሙኝ። ሳቅሁ፤ ግን ለቀምሁ።

ከመነሣት በፊት ስንት ሰው እንደተሳፈረ የሚሞላበት ገጽ አለ። አንድ ቀን የመብራት ፈረቃችን ሊያልቅ ሆነና ቸኮልሁ። ሽምብራውን በእፍኝ ጣሳው ውስጥ ገለበጥሁና መቶ ሃምሳ አራት ብዬ ሞላሁ። አባባ «ቆጠርሽ?» አሉኝ። ቆጠርሁ አልኋቸው። ጣሳውን አነሡና ነቅነቅ አድርገው አደመጡ። ከዚያ ቀስ ብለው፣ ምንም ቁጣ በሌለው ድምፅ፣ «አሪፋ፣ እንደገና ቁጠሪ። የታዘሉትንም ቁጠሪ» አሉኝ።

የታዘሉ ልጆችን እንዳልቆጠርሁ ከእኔና ከአላህ በቀር የሚያውቅ የለም ብዬ ነበር የኖርሁት።

አንቺ የምታውቂው እንዲህ ነው፦ በ2006 ጥር ወር አባባ ለገንዘብ ሲሉ አርባ የምትችለውን ጀልባ ሃምሳ ሁለት ሰው ጫኑባት፤ ከደቅ ስንመለስ የከሰዓቱ ነፋስ ገለበጣት፤ ዘጠኝ ሰው አለቀ፤ ከዘጠኙ አንዱ ወንድማችን መስዑድ ነው። ፍርድ ቤትም ያለው ይህንኑ ነው። አባባም ቆመው ያሉት ይህንኑ ነው። ውሸት ነው ጀሊላ። አሁን እውነቱን አንብቢው።

ያን ቀን ደቅ ላይ አባባ አስር ሊሰግዱ ከዋርካው ሥር ሄደው ነበር። መስዑድ ጎንበስ ብሎ ሞተሩ ላይ ይሠራል። ጣሳውን ይዤ መሳፈሪያው ላይ የቆምሁት እኔ ነኝ። ከረጢቱ ባዶ ሆነ። ልክ በዚያ ሰዓት ከቀብር የሚመለሱ ለቀስተኞች መጡ። ፊታቸው በእንባ ያበጠ፣ ነጠላቸውን አዘቅዝቀው የለበሱ። ሞልቷል ብዬ ባዶውን ከረጢት አሳየኋቸው። ፅጌ ማርያም የምትባል፣ ልጅ ያዘለች ሴት ቀሚሴን ይዛ «እቤት የሚጠባ ሌላ ልጅ ትቼ ነው የመጣሁ» ብላ ለመነችኝ። አዘንሁላት ልበልሽ? አዝኛለሁ። ግን ያሳፈርኋት ለእሱ ብዬ አይደለም። ያን ማታ የአብዱልበሲጥ ሽማግሌዎች እኔን ሊጠይቁ ቤታችን ይመጡ ነበር። ፀጉሬን አልተሠራሁም፤ ልብሴ አልተተኮሰም። መከራከሩ ሰለቸኝ። ግቡ አልሁ። ገቡ። ሽምብራው አልቋልና ጣሳው ውስጥ ምንም አልጣልሁም። የታዘሉትንማ ጭራሽ እንደ ሰው አልቆጠርኋቸውም።

አባባ መጡ። ሰው ሁሉ ተከናንቦ ወለሉ ላይ ተጠጋግቶ ተቀምጧል፤ ስንት እንደሆነ አይለይም። የጀልባዋን ጎን አዩና «ከበደች። ልክ ነው?» አሉኝ። «ልክ ነው አባባ፣ አርባ ነው» አልሁና ጣሳውን ሰጠኋቸው። ነቅንቀው አደመጡና አመኑኝ። ስንገለበጥ መስዑድ ለእኔ ባዶ ጀሪካን አስያዘኝ፤ «አትልቀቂው» ብሎኝ ወደ ሌሎቹ ዋኘ። እኔም አልለቀቅሁትም። ሊያገቡኝ ይመጡ የነበሩት ሽማግሌዎች በማግስቱ ለቀስተኛ ሆነው መጡ።

ዳኛው ተሳፋሪውን ማን ቆጠረ ሲሉ አባባ ቀድመውኝ ተነሡና «እኔ ነኝ የቆጠርሁ፤ ለገንዘብ ብዬ ነው» አሉ። አንቺ አስራ ሰባት ዓመትሽ ነበር። ከአግዳሚው ተነሥተሽ ዕድሜሽን ሙሉ እርስዎ ያልሻቸውን አባት «አንተ» ብለሽ ጠራሻቸው። «ወንድሜን ሸጥኸው» አልሽ። አባባ ሦስት ዓመት ሲፈረድባቸው ያላለቀሱት ያን ጊዜ አለቀሱ። እኔ አጠገብሽ ነበርሁ። እጅሽን የያዝሁሽ እኔ ነበርሁ። አፌን ከፍቼ ነበር፤ ወላሂ ከፍቼ ነበር፤ ድምፅ ግን አልወጣም። ዛሬ እናገራለሁ ነገ እናገራለሁ ስል አንቺ አገር ለቀሽ ሄድሽ። ከዚያ በኋላማ ራሴን አሳመንሁት። አባባ የተሳሳቱት ራሳቸው መስሏቸዋል፣ እንዲሁ ይለፍ አልሁ።

ፅጌ ማርያም ተርፋለች፤ ጀርባዋ ላይ የነበረው ልጇ ግን አልተረፈም። አሁን ሱቄ እየመጣች ባልዲና ጀሪካን ትገዛኛለች። ባለፈው ሁዳዴ ዕቃዋን ይዛ ልትወጣ ስትል ተመለሰችና «አባትሽን ይቅር ብያቸዋለሁ፣ ንገሪልኝ» አለችኝ። ባልዲውን በነጻ ሰጠኋት። ይህን ያህል ነውረኛ ነኝ እህትሽ።

እንግዲህ «የታዘሉትንም ቁጠሪ» ካሉኝ በኋላ ሦስት ቀን እህል አልበላልኝም። በአራተኛው ቀን ወደ አንቺ ተነሣን። አውሮፕላኑን በራሱ የሚያበርረው አውቶፓይለት ይዞታል፤ ከታች ቀይ ባሕር ነው፤ የሚሠራ ነገር የለም። እኔም ዓይኔን ቁጥሩ ላይ ተክዬ «አባባ፣ ያን ቀን ጣሳውን የሞላሁት...» ብዬ ጀመርሁ። «አውቃለሁ» አሉኝ። ፊታቸውን እንኳ አላዞሩም። ፖሊስ ጣሳዋን ክዳኗ እንደተገጠመ እምቦጭ ውስጥ አግኝቶ፣ የሳቸው ናት ብሎ በሦስተኛው ቀን መልሶላቸው ነበር። ከፍተው ቆጠሩት፤ አርባ ነው። በሕይወት የወጣው ሰው ብቻ ግን አርባ ሦስት ነበር። «እኔን የቸገረኝ ፊደል ነው እንጂ ቁጥር አይደለም» አሉኝ።

ታዲያ ለምን ዝም አሉ አልኋቸው። ማልቀሴ ነው፣ ቁጥር ማንበብም አቆምሁ። «አንዱ ልጄ ባሕር ውስጥ ገብቷል። አንቺን ደግሞ እጄን ዘርግቼ ለእስር ልስጥ? ደግሞስ ጀልባዋ እንደከበደች በዓይኔ አይቻለሁ፤ ካፒቴኑ እኔ ነኝ። ጀሊላ እንዲህ ትቆርጣለች ብዬ ግን አላሰብሁም ነበር» አሉ። ከዚያ ጅዳ ታየ። ለምን እንደማያርፉ ያን ጊዜ ነው የነገሩኝ። «ከወረድሁ ትጠይቀኛለች። ለምን እንዲያ አደረጉ ትለኛለች። እሷን ሁለተኛ አልዋሻትም። እውነቱን ብነግራት ደግሞ እህት የላትም። አባትስ አንዴ አጥታለች፣ ለምዳዋለች» አሉና መሪውን ሳቡት። ያን ቀንም ተመለስን።

ሰባት ወር ሙሉ አንቺን አይተው የሚመለሱት ለእኔ ሲሉ ነበር ጀሊላ። አስራ አንድ ዓመት ሙሉ ለእኔ ሲሉ ነበር።

ባሕር ዳር ስናርፍ፣ ነገ ጅዳ ይረፉ፣ እኔ እጽፍላታለሁ አልኋቸው። «ሙሉውን?» አሉኝ። ሙሉውን አልኋቸው። «የታዘሉትንም?» የታዘሉትንም አልኋቸው። «እንግዲያው አውሮፕላኑን በደንብ እጠቢው» አሉኝ። ቀልዳቸው ነው። ከመስዑድ ወዲህ ሲቀልዱ ስሰማ ያ የመጀመሪያዬ ነው። ስክሪኑን በጨርቅ ወለወልሁላቸው።

ማክሰኞ ከዙህር በኋላ ተነሣን። ሽምብራውን አንድ በአንድ፣ ድምፄን ከፍ አድርጌ ቆጠርሁ። ከተማሽ ታየ። ሁለት ሺህ፣ አንድ ሺህ፣ አምስት መቶ። «ጎማ» አልሁ። «ወርዷል» አሉ። አውሮፕላኑ መሬት ሲነካ ሁለት ጊዜ ነጠረ፤ ሦስተኛው ላይ ያዘ። ሞተሩን አጠፉ። ከዚያ ጣሳውን ጭናቸው ላይ አድርገው ተሳፋሪውን ማውረድ ጀመሩ፤ አንድ ሽምብራ፣ ሌላ ሽምብራ፣ እስከ መቶ ሃምሳ አራት። ደክሟቸው በመካከል ሁለት ጊዜ ዐረፍ አሉ፤ ላግዝዎት ብል እንቢ አሉኝ። ሲያልቅ ጣሳውን ገልብጠው መታ መታ አደረጉትና «ልክ ነው?» አሉኝ። ልክ ነው አባባ አልኋቸው። በሩን ክፈቺው አሉኝ። በሩን የሚከፍት ቁልፍ አለ፤ ከፈትሁት። ስክሪኑ ላይ ባዶ አስፋልትና ፀሐይ ብቻ ነው ያለው። «አታጥፉት። ሠፈሯ ሩቅ ይሆናል» አሉ።

ከዚያ ወዲያ አልበረሩም። ዛሬ አምስተኛ ቀናቸው ነው። ሐሙስ ከአልጋ መነሣት አቃታቸው፤ አልጋቸውን ወደ ስክሪኑ አዞርነው። አብዱልበሲጥ አውሮፕላኑ እንደቆመ ሴቭ አድርጎታል፤ መብራት ሲመጣ ከምድጃው በፊት እሱን ነው የምናበራው። መብራት ከሌለም ጥቁሩን ስክሪን ያያሉ። አእምሯቸው የታወከ እንዳይመስልሽ። ጨዋታ መሆኑን ከእኔና ካንቺ ይልቅ ያውቃሉ። አውቀው ነው የሚጠብቁሽ። እኔን የሚገድለኝም ይኸው ነው።

ከእንግዲህ እኔን እንደፈለግሽ አድርጊኝ። ተሳደቢ፤ ከአፍሽ አውጪኝ፤ እህት የለኝም በይ። ለአብዱልበሲጥ ነግሬዋለሁ፤ ሁለት ቀን አላናገረኝም፤ በሦስተኛው ይህን ወረቀት ገዝቶ መጣና ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠልኝ። በሚመጣው ቅዳሜ ደግሞ ፅጌ ማርያም ዘንድ እሄዳለሁ። ከእሷ የሚመጣውን አላውቅም፤ ይምጣ። አንድ ነገር ብቻ ልለምንሽ። ሱምያ የያዘችው ቁጥር የአባባ ነው፤ ስልኩን ትራሳቸው ሥር አድርጌዋለሁ፤ የማነሣው እኔ አይደለሁም። ደውዪ። ይቅርታ ማለት አያስፈልግሽም፤ እሳቸው አንቺን ተቀይመውሽ አያውቁም። «አባባ» በያቸው። «እርስዎ» በያቸው። ሌላ ቃል ባይመጣልሽ ዝም በያቸው፤ ትንፋሽሽን ያውቁታል። ግን ፍጠኚ ጀሊላ። ሐኪሙ ሳምንት እንጂ ወር አላለኝም።

አብዱልበሲጥ ሰላም ብሎሻል። ልጄ መስዑድ፣ በስሙ የሰየምሁት፣ ዘጠኝ ዓመት ሞላው፤ አክስቴ መቼ ነው የምትመጣው እያለ ይጨቀጭቀኛል፤ ሰላም ብሎሻል። ጎረቤታችን እትዬ ሸዋዬ በየጠዋቱ መጥተው አባባን ያገላብጡልናል፤ «ያቺን እንቢተኛ ሳሚልኝ» ብለውሻል። የሱምያ እናትም ሰላም ብለውሻል። እኔ ሰላም ልልሽ አፍሬ ነው እንጂ እኔም ሰላም ብዬሻለሁ።

አባባ ሰላምታ አልላኩም። ለጀሊላ ምን ልበልልዎ ብዬ ብጠይቃቸው፣ ዓይናቸውን ከስክሪኑ ሳያነሡ፣ «ምን መላክ ያስፈልጋል፤ እዚያው አይደለሁ እንዴ» አሉኝ።

እህትሽ አሪፋ ሙሀመድየሱፍ

ባሕር ዳር፣ የካቲት 15 ቀን 2017 ዓ.ም.